በርጩማ፦ በሩቅ ከዋክብት መካከል የሚደረግ ሽምግልና

በርጩማ በተራራቁ የኮከብ ሥርዓቶች መካከል የሚነሳን ጠብ ለመፍታት የታሰበ የምናብ ቴክኖሎጂ ነው። አልተሠራም። የተጠነሰሰው እዚህ ጅማ፣ ሥነ ፈለክ የምንወድ ጥቂት ጓደኛሞች ቡና ላይ ስንጨዋወት ነው። በአንድ ቦታ ተሰብስቦ ስላልተጻፈ፣ ይህ ዳሰሳ በብዛት የቆመው ያኔ በያዝኳቸው ማስታወሻዎች ላይ ነው።

ስሙን ያገኘው ከጅማ በርጩማ ነው። ከአንድ ወጥ እንጨት የሚፈለፈለው ባለ ሦስት እግር በርጩማ መሬቱ ጎርባጣ ቢሆንም አይንገዳገድም። መወዛወዝ የሚመጣው አራተኛ እግር ሲጨመር ነው። ይህን ለማወቅ ጅማ ተወልዶ ማደግ በቂ ነው።

የችግሩ ሥር ርቀት ነው። ብርሃን በሰከንድ 300 ሺህ ኪሎ ሜትር ገደማ ይጓዛል። ከፀሐይ ቀጥሎ ለእኛ ቅርብ የሆነው ኮከብ ፕሮክሲማ ሴንታውሪ ግን 4.24 የብርሃን ዓመት ይርቃል፤ የብርሃን ዓመት ብርሃን በአንድ ዓመት የሚጓዘው ርቀት ነው። «ለምን ድንበሬን ገፋህ?» ብሎ የጠየቀ ሰው መልሱን የሚሰማው ከ8 ዓመት ተኩል ገደማ በኋላ ነው። ጠቡ ታው ሴቲ ከሚባለው ራቅ ያለ ኮከብ ጋር ከሆነ ወደ 24 ዓመት ይጠብቃል። የጠየቀው አባት ሆኖ መልሱን የሚቀበለው ልጅ ሊሆን ይችላል። እንዲህ ባለ ርቀት ፊት ለፊት መከራከር የሚባል ነገር አይኖርም።

በርጩማ ይህን የሚፈታው ሽማግሌውን ሦስት በማድረግ ነው። ሽማግሌው አሳቢ ማሽን ነው። እንደ በርጩማው ከአንድ ወጥ ነገር ይወጣል፤ ሦስቱም ሲጀምሩ አንድ ዓይነት እውቀትና አንድ ዓይነት ጠባይ አላቸው። አንዱ ከከሳሽ ጋር፣ ሌላው ከተከሳሽ ጋር ይኖራል። ሁለቱ አይፈርዱም። ሥራቸው መስማት ነው። ይጠይቃሉ፣ መልሰው ይጠይቃሉ፣ ምስክር ይሰማሉ፣ ማስረጃ ያገላብጣሉ። አጠገብ ስላሉ 8 ዓመት የሚፈጀው ጥያቄና መልስ በደቂቃ ያልቃል። የተጣራውን ቃል በአንድ ጊዜ ወደ ሦስተኛው ይልካሉ።

ሦስተኛው በሁለቱ ኮከቦች መሃል ይቀመጣል። ከፀሐይ እስከ ፕሮክሲማ ከሆነ ከሁለቱም 2.12 የብርሃን ዓመት ይርቃል ማለት ነው። ውሳኔውን ወደ ሁለቱም አቅጣጫ እኩል ይለቀዋል፤ ከ2 ዓመት ከአንድ ወር ተኩል ገደማ በኋላ ለሁለቱም በአንድ ጊዜ ይደርሳል። ቀድሞ የሰማ ቀድሞ እንዳይዘጋጅ ነው። ለእኔ የሐሳቡ ሁሉ ውበት እዚህ ላይ ነው። የእኛ አገር ሽማግሌዎችም ባለጉዳዮቹን ለየብቻ አዳምጠው ያበርዱና ውሳኔውን ሁለቱም በተገኙበት ይናገራሉ። ከዋክብትን አንድ ዋርካ ሥር መሰብሰብ ስለማይቻል ዜናው ራሱ እኩል እንዲደርስ ተደርጓል።

ሦስተኛውን እግር ቦታው ማድረስ ቀላል አይደለም። በ1977 እ.ኤ.አ. የተወነጨፈችው መንኮራኩር ቮዬጀር 1 በሰከንድ 17 ኪሎ ሜትር ገደማ ትጓዛለች። በእሷ ፍጥነት መሃሉ ጋር ለመድረስ ከ37 ሺህ ዓመት በላይ ይፈጃል። በብርሃን ፍጥነት አንድ አሥረኛ የሚበር መንኮራኩር ቢገኝ ግን ወደ 21 ዓመት ይወርዳል። ስለዚህ በርጩማ ጠብ ሳይነሳ አስቀድሞ መተከል አለበት።

በእውነተኛው ዓለም ለዚህ የሚቀርበው በ1972 እ.ኤ.አ. የተፈረመው የጠፈር ጉዳት ተጠያቂነት ዓለም አቀፍ ስምምነት ነው። ጃንዋሪ 24 ቀን 1978 እ.ኤ.አ. የኑክሌር ማብላያ የተሸከመችው የሶቪየት ሳተላይት ኮስሞስ 954 ሰሜናዊ ካናዳ ላይ ተበታትና ወደቀች። ስብርባሪው ጨረር ነበረው፤ ፍለጋውና ጽዳቱ ወራት ፈጀ። ካናዳ ከ6 ሚሊዮን የካናዳ ዶላር ጥቂት የሚበልጥ ካሳ ጠየቀች። በ1981 እ.ኤ.አ. ሶቪየት ኅብረት 3 ሚሊዮን ለመክፈል ተስማማች። ጉዳዩ ያለቀው ያለ ዳኛ፣ በድርድር ነው። ስምምነቱ ግን ድርድር በአንድ ዓመት ካልሰመረ ሦስት አባላት ያሉት ኮሚሽን እንዲቋቋም ይፈቅዳል፦ አንዱን ከሳሽ ይመርጣል፣ አንዱን ተከሳሽ፣ ሰብሳቢውን ሁለቱ በጋራ። እዚያም ሦስት እግር! ከዋክብት ላይ የማይሠራው የአንድ ዓመቱ ገደብ ነው፤ በዚያ ጊዜ የመጀመሪያው ደብዳቤ እንኳ መንገድ አያጋምስም። ሄግ ያለው የቋሚ ግልግል ፍርድ ቤትም በ2011 እ.ኤ.አ. ለጠፈር ክርክሮች የራሱ ደንብ አውጥቷል።

የጅማ ሰው ይህን ማሰቡ አያስደንቅም። የጅማው ንጉሥ ዳግማዊ አባ ጅፋር ከአፄ ምኒልክ ጋር በግብር ተስማምተው አገራቸውን ከጦርነት አድነዋል። ጅማም እስከ 1932 እ.ኤ.አ. የራሷን አስተዳደር ይዛ ቆይታለች። ጅሬን ያለው ቤተ መንግሥታቸው ዛሬም ቆሟል።

አንድ ነገር ግን እስካሁን ያከራክረናል። ከአንድ ወገን ጋር አርባ ዓመት የኖረ ሽማግሌ ያው ሽማግሌ ነው ወይ? ከመካከላችን አንዳንዶች ጆሮው ያዳላል፣ በየጊዜው ወደ መጀመሪያው ጠባዩ ይመለስ ይላሉ። በእኔ እምነት ቢያዳላ ይሻላል። ባለጉዳዩን የወደደ ሽማግሌ የሰውየውን ሕመም በደንብ ይናገርለታል፤ ሚዛኑን የሚጠብቀው የመሃሉ ነው። ስለ ካሳ አከፋፈል የተስማማነው ሁለቱም ወገን አስቀድሞ ዋስ እንዲጠራ ብቻ ነው።

ውሳኔው ከደረሰ በኋላም ሁለቱ እግሮች ካሉበት አይነሱም። ለምን እንዲህ እንደተወሰነ እያስረዱ፣ እርቁ እስኪጸና ከባለጉዳዩ ጋር ይቀመጣሉ።