ቀይ ሜርኩሪ ምንድን ነው?

ቀይ ሜርኩሪ የሚባለው ተአምረኛ ነገር የለም። ወርቅ የሚስብ፣ በመስታወት የማይታይ፣ ከነጭ ሽንኩርት የሚሸሽ፣ ጠብታው ሚሊዮኖች የሚያወጣ ቀይ ፈሳሽ የትም አልተገኘም። ይህ በተጻፈ ቁጥር ግን ያው መልስ ይከተላል። «ሲናባር አለ አይደል እንዴ? ቀይ ነው፣ ሜርኩሪም አለበት። ታዲያ ለምን ትደብቁናላችሁ?»

እሺ፣ ከዚሁ እንነሳ። ሲናባር እውነተኛ ማዕድን ነው። ሜርኩሪና ድኝ የተዋሃዱበት ሲሆን ከክብደቱ 86 በመቶ ያህሉ ሜርኩሪ ነው። ቀለሙም ደማቅ ቀይ ነው። እስከዚህ ድረስ ተከራካሪያችን ልክ ነው። የሚስተው ከዚህ ወዲያ ነው። ቀይ የሆነ የሜርኩሪ ውህድ መኖሩ ያ ተአምረኛ ፈሳሽ ለመኖሩ ምንም ማስረጃ አይሆንም።

ዝገትን አስቡ። ቢላዋ ሲዝግ ብረቱ ከኦክስጅን ጋር ተዋህዶ ቀላ ያለ ዱቄት ይሆናል። ከዱቄቱ ከግማሽ በላይ ብረት ነው። ግን ሥጋ አይቆርጥም፣ ማግኔትም እንደ ብረቱ አይስበውም። ብረቱ የትም አልሄደም፤ ጠባዩ ነው የተለወጠው። ዝገት አይቶ «ቀይ ብረት አገኘሁ» ብሎ ገዢ የሚፈልግ ሰው የለም። ሲናባርም እንደዚያው ነው። ዝገትን ከከሰል ጋር በከፍተኛ ሙቀት ብታቀልጡት ያው የምናውቀው ብረት ይመለሳል። ሲናባርን ብታግሉትም ያው ብርማው ሜርኩሪ ተንኖ ይወጣል። መሃል ላይ የሚወለድ ሦስተኛ ነገር የለም። በእርግጥ ንጽጽሩ ሙሉ አይደለም። ሲናባር ሜርኩሪ አየር ላይ ቆይቶ የሚሆነው ነገር አይደለም፤ ከመሬት በታች በትኩስ ውሃ አማካኝነት የሚፈጠር ማዕድን ነው።

ደግሞስ ሲናባር መች ተደብቆ ያውቃል? በስፔን አልማደን ወደ 2,000 ዓመት ገደማ ተቆፍሯል። በስሎቬንያ ኢድሪያ ደግሞ 500 ዓመት ያህል። ቆፋሪዎቹ ያተረፉት በመመረዝ የመጣ የእጅ መንቀጥቀጥ ነው።

ሌላም ቀይ ውህድ አለ፣ ሜርኩሪ አዮዳይድ። 127 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ ሲደርስ ቢጫ ይሆናል፤ ሲቀዘቅዝ ተመልሶ ይቀላል። ቪዲዮ ላይ ላየው ሰው ምትሃት ነው። ሥራው ግን አተሞቹ የሚደረደሩበት መንገድ መቀየሩ ብቻ ነው።

የመስታወቱን ነገር እንየው። አንድ ነገር ቀይ ሆኖ የሚታየን ቀይ ብርሃን ወደ ዓይናችን ስለሚመልስ ነው። ያው ብርሃን መስታወቱንም ይመታል። ለዓይን ታይቶ ለመስታወት የሚሰወር ፈሳሽ ሊኖር አይችልም። ቪዲዮው ላይ ምስሉ የሚጠፋው ካሜራው በተቀመጠበት ማዕዘን ወይም በቅንብር ነው። «ወርቅ ይስባል» የሚለው ግን መነሻው እውነት ይመስለኛል። ተራው ሜርኩሪ ወርቅን እያሟሟ ከራሱ ጋር ይቀይጣል። ወርቅ አውጪዎች የሚጠቀሙበትም ለዚህ ነው። ከሩቅ ግን አይጎትትም፤ መንካት አለበት።

በጣም የሚያናድደኝ ሻጮች የሚያዞሩት «የላቦራቶሪ ወረቀት» ነው። ሜርኩሪ፣ አንቲሞኒ የተባለ ንጥረ ነገርና ኦክስጅን ያለበት ውህድ ይጠቅስና እፍጋቱ በኪዩቢክ ሴንቲሜትር 20.2 ግራም ነው ይላል። ወርቅ 19.3 ነው። ሜርኩሪ ራሱ 13.5 ነው፤ ከኦክስጅን ጋር ብቻ ሲዋሃድ ወደ 11 ግድም ይወርዳል። ኦክስጅንና አንቲሞኒ ጨምሮ ከወርቅ የከበደ ነገር የሠራ ኬሚስት የለም። ወረቀቱን የጻፈው ሰው ሚዛን ላይ ምንም አላስቀመጠም።

ቀይ ሜርኩሪ ለቦምብ ይሆናል የሚለው ወሬ የተስፋፋው ሶቪየት ኅብረት በፈረሰችበት ዘመን ነው። ትንሽ የኒውክሌር ቦምብ ይሠራበታል ተባለ። የኒውትሮን ቦምብ ፈልሳፊው ሳሙኤል ኮኸን እንኳ አለ ብሎ ተከራክሯል። እሱን እየጠቀሳችሁ ለምትሞግቱ፦ በየአገሩ እየተያዘ የተመረመረው ናሙና ተራ ሜርኩሪ፣ የታወቀ ውህድ ወይም ቀለም ሆኖ ነው የተገኘው። ዓለም አቀፉ የአቶሚክ ኃይል ኤጀንሲም እንዲህ ያለ ነገር የለም ብሏል።

በ2009 እ.ኤ.አ. ወሬው ሳዑዲ ገባና ቀይ ሜርኩሪ አለበት ተብሎ አሮጌ የሲንጀር ስፌት መኪና እስከ 200,000 ሪያል ተጠየቀበት። ሰዎች ጥሪ ከተቋረጠ ቀይ ሜርኩሪ አለ ማለት ነው ብለው፣ ሞባይል ወደ መርፌው እያስጠጉ ይሞክሩ ነበር። ስፌት መኪና ውስጥ ሜርኩሪ የሚገባበት ምክንያት የለም። በቆዩ ቴርሞሜትሮች፣ በደም ግፊት መለኪያዎችና በፍሎረሰንት አምፖሎች ውስጥ ግን አለ፣ ያውም ብርማው።

ዚምባብዌ ውስጥ የተቀበረ ፈንጂ ውስጥ ይገኛል ተብሎ የሚፈታቱ ሰዎች ሞተዋል። የእኛ አገር መሬትም ብዙ ጦርነት አሳልፏል። ሜዳ ላይ ያገኛችሁትን ጥይትም ሆነ ፈንጂ አትንኩ፤ ለፖሊስ ወይም ለቀበሌ አሳውቁ። ቤት ውስጥ በጠርሙስ የተቀመጠ ሜርኩሪ ካላችሁም «እንፈትነው» ብላችሁ እሳት ላይ አታድርጉት። እንፋሎቱ ሽታም ቀለምም የለውም፤ በተዘጋ ክፍል ውስጥ ሳንባን አቃጥሎ ሊገድል ይችላል። ከፈሰሰም መስኮት ክፈቱ፣ ልጆቹን አስወጡ፣ በመጥረጊያ አትበትኑት። ጠብታዎቹን በወፍራም ወረቀት ሰብስባችሁ ክዳኑ በሚጠብቅ ዕቃ ዝጉት።