ስለ ፈንገስ መድኃኒትነት የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

የእንጉዳይ ዱቄት ካንሰርን፣ ስኳርን፣ ደም ግፊትን ነቅሎ ያወጣል እየተባለ ሰው በሰው ይሸጣል። የታመመ ሰው ደግሞ ተስፋ ካገኘ ለገንዘቡ አይሳሳም። እንጉዳይም ሻጋታም የሚመደቡበት ፈንገስ ትልልቅ መድኃኒቶችን እንደሰጠን አይካድም። ግን ከፈንገሱ እስከ መድኃኒቱ ያለው መንገድ ረጅም ነው። ዓይነቱ ይለያል፣ ናሙናው ይቀመጣል፣ ንጥረ ነገሩ ይጣራል፣ መጠኑ ይለካል። ከታች ያሉት ስህተቶች አብዛኞቹ ይህን መንገድ ከመዝለል የመጡ ናቸው።

«ፈንገስ የዕፅዋት ወገን ነው»

አይደለም። እንደ ቅጠል ከፀሐይ ብርሃን ምግቡን አይሠራም። የሕዋሱ ግድግዳ የተሠራው የነፍሳት ቅርፊት ከሚሠራበት ካይቲን ነው። በዘር ሐረግም ከዕፅዋት ይልቅ ለእንስሳት ይቀርባል። ይህ ለሕክምና ትልቅ ትርጉም አለው። ፈንገስ ለእኛ የቀረበ ስለሆነ፣ እሱን ገድሎ እኛን የማይጎዳ መድኃኒት ማግኘት ከባድ ነው። ፈንገስን የሚገድሉ መድኃኒቶች ባክቴሪያን ከሚገድሉት በቁጥር በጣም የሚያንሱትም ለዚህ ነው።

«ፔኒሲሊን ከሻጋታ ስለሚሠራ፣ የሻገተ ምግብ አይጎዳም»

ይህን ስሰማ በጣም ያሳስበኛል። ሳይንቲስቱ አሌክሳንደር ፍሌሚንግ በ1928 (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆች ናቸው) ለንደን ውስጥ ያየው ነገር ገና መድኃኒት አልነበረም። በሳህኑ ላይ ሻጋታው የበቀለበት አካባቢ ባክቴሪያው ጠፍቶ ነው ያየው። ንጥረ ነገሩን አጣርተው ለሰው ያደረሱት ከዓመታት በኋላ የኦክስፎርድ ተመራማሪዎች፣ ፍሎሪ፣ ቼይንና ሂትሊ ናቸው። በ1941 መጀመሪያ ላይ ለአንድ በጠና ለታመመ ፖሊስ ሰጡት። ሰውየው ተሻለው። መድኃኒቱ ግን አለቀ። ከሽንቱ ሳይቀር መልሰው እያጣሩ ሰጡት፤ አልበቃም፣ ሞተ። በብዛት ማምረት የተቻለው አሜሪካ ውስጥ፣ ፒዮሪያ ከተማ፣ ከሻገተ ሜሎን ላይ የተሻለ የሻጋታ ዝርያ በ1943 ከተገኘ በኋላ ነው።

እንጀራችን ላይ ያለው ሻጋታ ግን ማን እንደሆነ አይታወቅም። ለውዝ፣ በቆሎና በርበሬ ላይ የሚበቅለው አስፐርጊለስ ፍላቨስ አፍላቶክሲን የሚባል መርዝ ያመነጫል። ይህ መርዝ የጉበት ካንሰር ያመጣል። በማብሰልም በቀላሉ አይጠፋም። ላዩን መጥረግም አያድንም፤ ክሮቹ ወደ ውስጥ ይዘልቃሉ። የሻገተ ለውዝ ሲያጋጥም መጣል ነው።

«መርዝ መርዝ ነው፣ መድኃኒት መድኃኒት ነው»

የዚህ መልስ እኛው አገር ውስጥ አለ። በ1970ዎቹ መጨረሻ ወሎ ውስጥ ሰዎች እጅና እግራቸው እየጠቆረ፣ እየሞተ መጣ። ምክንያቱ ኤርጎት የተባለ ፈንገስ ነበር። ከእህሉ ጋር የተቀላቀለው ሲናር ላይ በቅሎ ነው የተበላው። በ2001 ደግሞ አርሲ ውስጥ በተበከለ ገብስ ምክንያት ተመሳሳይ ነገር ደረሰ። ኤርጎት በእህሉ ዘለላ ላይ የፍሬውን ቦታ ወስዶ ጠቆር ያለ ቀንድ መስሎ ይወጣል። ውስጡ ያሉት ንጥረ ነገሮች የደም ሥርን አጥብቀው ያጠባሉ። ደም ያልደረሰው ጣት ይሞታል። በችግር ዘመን እህል አበጥሮና ለቅሞ መጣል ለቸገረው ሰው ይህ ከባድ ዕጣ ነው።

ያው ኃይል ማህፀንንም ያኮማትራል። የአውሮፓ አዋላጆች ይህን ቀድመው ያውቁ ነበር፤ ምጥ ለማፋጠን ይሰጡት ነበር። ግን አንዱ ቁንጥር ከሌላው ጥንካሬው ስለሚለያይ እናትም ልጅም ሞተዋል። በ1935 ማህፀን የሚያኮማትረው ንጥረ ነገር፣ ኤርጎሜትሪን፣ ከኤርጎት ተለይቶ ወጣ። አሁን ንጹህ ሆኖ፣ በሚሊግራም ክፍልፋይ ተለክቶ፣ ከወሊድ በኋላ የሚፈስ ደም ለማስቆም ይሰጣል። ያኔም ቢሆን ደም ግፊት ላለባት እናት አይሰጥም። ወሎ ላይ እግር ያስቆረጠው ፈንገስ በትክክለኛው እጅ እናትን ያተርፋል። ልዩነቱ ማጣራትና መለካት ነው።

«መድኃኒት የሚገኘው ከብርቅዬ እንጉዳይ ነው»

እስካሁን የጠቀስኳቸው አንዳቸውም ጥላ ያለው እንጉዳይ አይደሉም። ሰውነት የተተከለለትን ኩላሊት ወይም ሌላ አካል እንዳይገፋ የሚያደርገው፣ የንቅለ ተከላን ታሪክ የለወጠው ሳይክሎስፖሪን የመጣው በ1969 ከኖርዌይ ከተወሰደ አንድ እፍኝ አፈር ውስጥ ከተገኘ ፈንገስ ነው። አፈሩን የአንድ የስዊዘርላንድ መድኃኒት ድርጅት ሠራተኛ ለእረፍት በሄደበት ነበር የሰበሰበው። ጃፓናዊው አኪራ ኤንዶ ኮሌስትሮል የሚቀንስ ነገር ፍለጋ ከ6,000 በላይ ፈንገሶችን ፈትሾ፣ በ1973 ከኪዮቶ የእህል ሱቅ ሩዝ ላይ በተገኘ ሻጋታ ውስጥ አገኘው። ዛሬ ብዙ ወላጆቻችን ማታ ማታ የሚውጡት የስታቲን ኪኒን መነሻው ያ ነው። ለልጆች ቆረቆር የሚታዘዘው ግሪሲዮፉልቪንም ከፔኒሲሊየም ወገን የተገኘ ነው።

«ፎቶ ካነሳሁት፣ ወይም ከብት ከበላው፣ ዓይነቱን አውቄዋለሁ»

ሰው የሚሞተው እዚህ ላይ ነው። በአውሮፓና በሰሜን አሜሪካ የሚበቅለው አማኒታ ፋሎይደስ የተባለ ገዳይ እንጉዳይ ጣዕሙ መጥፎ አይደለም። ማብሰልም ማድረቅም መርዙን አያጠፋም። ሕመሙ የሚጀምረው ከ6 ሰዓት በላይ ቆይቶ ነው። ትውከቱና ተቅማጡ ጋብ ሲል ሰው የዳነ ይመስለዋል፤ ጉበቱ ግን እየወደመ ነው። ቀንድ አውጣ ወይም ጥንቸል በልቶት ምንም አለመሆኑ ለእኛ ማስረጃ አይሆንም። አገር ቤት ከለመዱት ጋር ተመሳሰለ ብሎ ውጭ አገር ጫካ መልቀም በተለይ አደገኛ ነው።

ሳይንቲስት እንጉዳይ ሲሰበስብ አይቸኩልም። ከሥሩ ቆፍሮ ያወጣዋል፤ መለያው ብዙ ጊዜ አፈር ውስጥ ያለው ከረጢት ነውና። ከላይ፣ ከጎንና ከሥር ፎቶ ያነሳዋል። ሽታውን፣ አጠገቡ ያለውን ዛፍ፣ የቦታውን ከፍታ ይጽፋል። በፌስታል አይዝም፤ ያልበዋል፣ ይበሰብሳል። በወረቀት ይጠቀልለዋል። ከዚያ ባርኔጣውን ቆርጦ ግማሹ ነጭ፣ ግማሹ ጥቁር በሆነ ወረቀት ላይ ያሳድረዋል፤ ጠዋት የስፖሩ፣ ማለትም እንደ ዘር የሚራባበት ብናኝ፣ ቀለም ታትሞ ይገኛል። ለዲኤንኤ ምርመራ ትንሽ ቁራጭ ይወስዳል። የቀረውን በ40 ዲግሪ ገደማ አድርቆ፣ ቁጥር ሰጥቶ ያስቀምጣል።

ይህ ደረቅ ናሙና የሥራው ሁሉ መሠረት ነው። ነገ አንድ ሰው «ይህ እንጉዳይ ቁስል ያድናል» ቢል፣ የትኛው እንደሆነ ተመልሶ ማየት የሚቻለው ናሙናው ካለ ብቻ ነው። በዓለም ላይ 2.5 ሚሊዮን ገደማ የፈንገስ ዝርያ እንዳለ ይገመታል። ስም የወጣላቸው 155 ሺህ አካባቢ ብቻ ናቸው። የእኛ አገር ጫካዎች ገና ብዙ ያልተጻፈ ነገር ይዘዋል። ጋምቤላ አካባቢ ያሉት የማጃንግ ሕዝቦች የሚበሉትን እንጉዳይ በየስሙ ለይተው ያውቃሉ፤ ያ እውቀት ከናሙና ጋር ተያይዞ ቢጻፍ ሀብት ነው።

«መልቀም ዘሩን ያጠፋል»

ስዊዘርላንድ ውስጥ ከ1975 ጀምሮ ለ29 ዓመታት ተጠንቷል። መልቀም የቀጣዩን ዓመት ምርት አልቀነሰም፤ መሬቱን መረጋገጥ ግን ቀንሶታል። ፈንገሱ አፈር ውስጥ ይኖራል። የሚያጠፋው ጫካውን መመንጠር ነው።

«ዱቄቱ ተፈጥሯዊ ስለሆነ አይጎዳም»

ኤርጎትም ተፈጥሯዊ ነው። ጋኖደርማ የሚባለው እንጉዳይ በቻይናና በጃፓን ረጅም ታሪክ አለው፤ ካንሰርን ለብቻው ለማከም ግን በቂ ማስረጃ የለም። ጃፓን ውስጥ ሺታኬ ከተባለው እንጉዳይ የሚወጣው ሌንቲናን የተባለ ንጥረ ነገር ለጨጓራ ካንሰር የተፈቀደው በመርፌ፣ ከኬሞቴራፒ ጋር ነው። ኬሞውን አስቁሞ ዱቄት መስጠት ሌላ ነገር ነው። ደም የሚያቀጥን መድኃኒት፣ ለምሳሌ ዋርፋሪን፣ የሚወስድ ሰው ደግሞ ጋኖደርማ ከመጀመሩ በፊት ሐኪሙን ማማከር አለበት፤ ደም መፍሰስ ሊያባብስ ይችላል። ሻጩን ሦስት ነገር ጠይቁት፦ ሳይንሳዊ ስሙ ማን ነው? ከየትኛው ክፍሉ ነው የተሠራው? በአንድ ማንኪያ ውስጥ ስንት ሚሊግራም አለ? ካልመለሰ አትግዙት።