ኩራዜ፦ አራት ኪሎ ላይ የተወለደው የሚያበራ መንጋ

ኩራዜ በእውን የሌለ የመንጋ እንስሳ ነው። ስሙን ያወጣሁለት ከኩራዝ ነው። ቁመቱ የበግ ያህል ሲሆን ሣር ይግጣል፣ ያመሰኳል፤ ሲመሽ ደግሞ ገላው ቀስ እያለ ያበራል።

የተወለደው በፋሲካ ሰሞን አንድ ምሽት አራት ኪሎ ላይ ነው። የተሳፈርኩበት ታክሲ ሐውልቱ አጠገብ ቆመ። አንድ ነጋዴ ከፊታችን በጎቹን ወደ ፒያሳ እየነዳ ያሻግራል። የመኪናው መብራት ሲያርፍባቸው ዓይናቸው ሁሉ አንድ ላይ አረንጓዴ ሆኖ ቦግ አለ። አጠገቤ የተቀመጠች ሕፃን "እማዬ፣ በጎቹ መብራት አላቸው!" አለች። እናቷ "አዎ የኔ እናት" ብላ እቅፍ አደረገቻት። እኔ ግን ነገሩን ይዤው ቤት ገባሁ።

የልጅቷ አባባል ከእውነት የራቀ አይደለም። በበግ ዓይን ውስጥ፣ ብርሃን ከሚቀበለው ስስ ሽፋን ኋላ፣ እንደ መስታወት የሚመልስ ንጣፍ አለ። ሳይያዝ ያለፈው ብርሃን እዚያ ነጥሮ ይመለስና ዓይኑ ሁለተኛ ዕድል ያገኛል። በጨለማ የተሻለ የሚያዩት በዚህ ነው። በሬም፣ ፍየልም፣ አህያም፣ ጅብም ይህ ንጣፍ አላቸው። ሰው የለውም። የመኪናው መብራት ሲጠፋ ግን የበጎቹም "መብራት" አብሮ ይጠፋል።

በዚህ በኩል ለኩራዜ የቅርብ ዘመድ የምለው በሰሜን ዋልታ አካባቢ በመንጋ የሚኖረውን አጋዘን ነው። የዚያ እንስሳ የዓይን ንጣፍ በበጋ ወርቃማ ሆኖ ይቆይና ጨለማው ረጅም በሆነበት ክረምት ወደ ሰማያዊ ይለወጣል። ይህ በጥናት የታተመው በ2013 እ.ኤ.አ. ነው። በቀጣዩ ዓመት ደግሞ የፊንላንድ አርቢዎች ብርሃን የሚመልስ ቀለም ቀንዱ ላይ ረጩበት። መኪና እየገጨ መንጋቸውን ስለጨረሰባቸው ነው።

ኩራዜ ግን የሚያበራው በራሱ ብርሃን ነው። አስቸጋሪው ነገር እዚህ ላይ ይመጣል። አከርካሪ ካላቸው እንስሳት መካከል የራሳቸውን ብርሃን እንደሚሠሩ የሚታወቁት የባሕር ዓሦች ብቻ ናቸው። በሌሊት የምታበራዋ ጥንዚዛ ሉሲፈሪን የሚባል ንጥረ ነገር ከኦክስጅን ጋር አዋህዳ ብርሃን ታወጣለች። ብርሃኑ ቀዝቃዛ ነው፣ አያቃጥልም።

መጀመሪያ የመጣልኝ ሐሳብ ሆዱ ነበር። በሃዋይ የባሕር ዳርቻ ስኩዊድ የምትባል፣ አጥንት የሌላት አንዲት ትንሽ የባሕር እንስሳ አለች፤ የሚያበሩ ባክቴሪያዎችን በገላዋ ውስጥ እያኖረች በእነሱ ብርሃን ትጠቀማለች። የሚያመሰኳ እንስሳ ጨጓራ ደግሞ በረቂቅ ሕያዋን የተሞላ ነው። ታዲያ ለምን እዚያው አያበሩለትም? አይሆንም። ይህ ብርሃን ያለ ኦክስጅን አይሠራም፣ በጨጓራ ውስጥ ደግሞ ኦክስጅን የለም ማለት ይቻላል። ስለዚህ ብርሃኑን ደም እንደልብ ወደሚደርስበት ወደ ቆዳው አመጣሁት። ፀጉር እንዳይሸፍነውም ጆሮው ውስጥና ጅራቱ ሥር አስቀመጥኩት። የእኛው የደጋ አጋዘን ጅራትም ከሥሩ ነጭ ነው። በመንጋ ለሚሄድ እንስሳ ከኋላ መታየት ጥቅም አለው፤ ግልገል የእናቱን ጅራት እያየ ይከተላል።

ቀጥሎ የሚመጣው ጅብ ነው። አዲስ አበባ ዛሬም ጅብ አላት፣ ሌሊት ሲጮህ የሰማ ያውቃል። በጨለማ የሚያበራ በግ ለጅብ "ና ብላኝ" እንደማለት ነው። መልሱን ያገኘሁት ካሊፎርኒያ ካሉ ብዙ እግር ካላቸው ትሎች ነው። እነዚያ ትሎች በገላቸው ሳያናይድ የሚባል መርዝ ይይዛሉ፤ ብርሃናቸው "መርዝ ነኝ፣ እለፈኝ" የሚል ማስጠንቀቂያ ነው። ኩራዜም ሥጋው መራራ መሆን አለበት። መራራ ከሆነ ደግሞ ለበዓል ገበያ አይወጣም፣ ማንም ገመድ አስሮ አይጎትተውም። በዚህ በጣም ደስ ብሎኛል። የሚውለው በግንፍሌና በቀበና ወንዞች ገደል ነው። ቀን ቁጥቋጦ ሥር ተኝቶ ያመሰኳል፣ ሲጨልም ወጥቶ ይግጣል።

ኩራዜን የሚያጠፋው ብርሃን ነው። ከ2016 ዓ.ም. የኮሪደር ልማት ወዲህ ፒያሳና አራት ኪሎ ሌሊቱን በመብራት ደምቀው ያድራሉ። ለእግረኛ መልካም ነው፣ እኔም በሰላም እሄድበታለሁ። የሚያበሩ ጥንዚዛዎች ግን የመንገድ መብራት ባለበት አካባቢ ወንድና ሴት መፈላለግ ያቅታቸዋል። የኩራዜ ብርሃን ከኩራዝም የደከመ ነው። አስፋልቱ ዳር ቢወጣ ግልገሉ የእናቱን ጅራት አያይም፤ ቆሞ ይጮኻል። ስለዚህ መንጋው ወደ መብራቱ አይጠጋም። ከቀበና ድልድይ በታች፣ የመንገዱ ብርሃን ከማይደርስበት የወንዙ እጥፋት፣ አንዱ የሌላውን ጅራት እያየ በሰልፍ ይወርዳል።