ወንበሩ ሲጓደል ቀኑን የሚቆርጠው ማን ነው? ስለ አሜሪካ ኮንግረስ የማሟያ ምርጫ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ዲሴምበር 1 ቀን 2023 (ቀኖቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) የአሜሪካ የተወካዮች ምክር ቤት የኒው ዮርኩን ተወካይ ጆርጅ ሳንቶስን በ311 ድጋፍና በ114 ተቃውሞ ከአባልነት አባረረ። የተጓደለውን ወንበር የናሶ ካውንቲና የክዊንስ መራጮች ፌብሩዋሪ 13 ቀን 2024 በረዶ እየጣለ ወጥተው ሞሉት። ለዴሞክራቶች የተወዳደሩት ቀድሞ በዚያው ምክር ቤት ያገለገሉት ቶም ስዎዚ ሲሆኑ፣ ለሬፐብሊካኖች የቀረቡት ደግሞ ኢትዮጵያ ውስጥ ተወልደው በ1991 በዘመቻ ሰሎሞን በልጅነታቸው ወደ እስራኤል የሄዱት ማዚ መለሰ ፒሊፕ ነበሩ። ያሸነፉት ስዎዚ ናቸው። ሆኖም የወይዘሮ ፒሊፕ ዕጩነት፣ ስለ ኒው ዮርክ ሦስተኛ የምርጫ ክልል ሰምቶ የማያውቀውን አማርኛ ተናጋሪ ሁሉ ስለ ማሟያ ምርጫ እንዲጠይቅ አድርጎት ነበር። ከጥያቄዎቹ ጋር ሲነገሩ የሰማኋቸው ስሕተቶች አብዛኞቹ ከአንድ ሥር የሚበቅሉ ናቸው፤ ይኸውም ወንበር ሲጓደል ሕጉ ራሱ፣ በራሱ ጊዜ፣ ይሞላዋል የሚለው ግምት ነው።

«የጎደለውን ሰው ፓርቲው ይተካዋል፤ ካልሆነም አገረ ገዥው ይሾማል»

ይህ አመለካከት ከየት እንደሚመጣ መገመት አይከብድም። በእስራኤል የፓርላማው (የክኔሴት) አባል ሲሞት ወይም ሲለቅ በፓርቲው ዝርዝር ውስጥ ቀጥሎ ያለው ሰው ይገባል እንጂ ምርጫ አይጠራም። ከዚያ ለመጣ ሰው ወንበሩ የፓርቲው ሀብት ነው። የአሜሪካ የተወካዮች ምክር ቤት ግን የተለየ ነው። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 1 ክፍል 2፣ ወንበር ሲጓደል የግዛቱ አገረ ገዥ የምርጫ ማዘዣ እንዲያወጣ ያዛል፤ ሹመትን አይፈቅድም። በዚህ ምክንያት በተሹዋሚነት በተወካዮች ምክር ቤት የተቀመጠ ሰው በታሪክ የለም። በዚህ ረገድ አሠራሩ በኢትዮጵያ የምርጫ ሕግ «የማሟያ ምርጫ» ከሚባለው ጋር ይቀራረባል፤ አሜሪካኖቹ ራሳቸው «ልዩ ምርጫ» ይሉታል።

«ዕጩዎቹንም ቢሆን ሕዝቡ በመጀመሪያ ደረጃ ምርጫ ይለያቸዋል»

አንዳንድ ቦታ አዎን፣ አንዳንድ ቦታ በጭራሽ። በኒው ዮርክ ለማሟያ ምርጫ ዕጩ የሚያቀርቡት የአካባቢው የፓርቲ መሪዎች ናቸው። ወይዘሮ ፒሊፕ የሬፐብሊካኖች ዕጩ ሆነው ሲቀርቡ በመራጭነት የተመዘገቡት በዴሞክራትነት ነበር፤ ዕጩ መራጩ የመሪዎች ጉባኤ ባይሆን ኖሮ ይህ እንዲህ በቀላሉ የሚሆን አይመስለኝም። በቨርጂኒያ ደግሞ ተወካይ ጄሪ ኮኖሊ ሜይ 21 ቀን 2025 ሲሞቱ ዴሞክራቶች ዕጩአቸውን የለዩት የመንግሥት የምርጫ አስተዳደር ሳይገባበት ፓርቲው ራሱ ባዘጋጀው ምርጫ ነው። የአገሩ ሰው ይህን ዓይነቱን «የእሳት አደጋ ጣቢያ ምርጫ» ብሎ ይጠራዋል። አላስካ በተቃራኒው በሩን ወለል አድርጋ ከፈተች፦ ተወካይ ዶን ያንግ በማርች 2022 ካረፉ በኋላ በተደረገው የመጀመሪያ ደረጃ ምርጫ 48 ሰዎች በአንድ ወረቀት ላይ ተወዳደሩ። ከመካከላቸው አንዱ ስማቸውን በሕግ ወደ «ሳንታ ክላውስ» (የገና አባት) ያስቀየሩ የኖርዝ ፖል ከተማ ምክር ቤት አባል ነበሩ።

«ምርጫው በጥቂት ሳምንታት ውስጥ መደረግ አለበት»

ከሁሉም ስሕተቶች ጉዳቱ የሚያይለው ይህ ነው። ለመደበኛው ጊዜ ሕገ መንግሥቱ «ምርጫ ይጠራ» ይላል እንጂ «በዚህን ያህል ቀን ውስጥ» አይልም፤ ቀነ ገደቡን ለግዛቶች ሕግና ለአገረ ገዥዎች ውሳኔ ትቶታል። ኒው ዮርክ ጥብቅ ናት፤ አገረ ገዥዋ ወንበሩ በተጓደለ በ10 ቀን ውስጥ ምርጫ ማወጅ አለባቸው፣ ምርጫውም ከአዋጁ በኋላ ከ70 እስከ 80 ባሉት ቀናት ውስጥ ይደረጋል። የሳንቶስ ወንበር ከሁለት ወር ተኩል ባልበለጠ ጊዜ መራጭ ያገኘው በዚህ ምክንያት ነው።

አሁን ወደ ሂውስተን፣ ወደ ቴክሳስ 18ኛ የምርጫ ክልል እንሂድ። ለብዙ ዓመታት ያገለገሉት ሺላ ጃክሰን ሊ ጁላይ 19 ቀን 2024 አረፉ። የቀረውን ጊዜ እንዲጨርሱ በኖቬምበር ልጃቸው ተመረጡ። ከጃንዋሪ 2025 የሚጀምረውን ሙሉ ዘመን ያሸነፉት የቀድሞው የከተማው ከንቲባ ሲልቬስተር ተርነር ደግሞ ቃለ መሐላ ከፈጸሙ ከሁለት ወር በኋላ፣ ማርች 5 ቀን 2025፣ ሞቱ። አገረ ገዥ ግሬግ አቦት ምርጫውን ለኖቬምበር 4 ቀጠሩት። የሰጡት ምክንያት የሃሪስ ካውንቲ የምርጫ አስተዳደር ለዝግጅት ጊዜ ያስፈልገዋል የሚል ሲሆን፣ ተቃዋሚዎቻቸው ግን በጠባብ ብልጫ ለቆሙት ሬፐብሊካኖች ጊዜ ለመግዛት ነው ብለው ከሰሱ። በኖቬምበር ከግማሽ በላይ ድምፅ ያገኘ ዕጩ ስላልነበረ የመለያ ምርጫ አስፈለገ፤ እሱም የተደረገው ጃንዋሪ 31 ቀን 2026 ነው። የዚያ ሰፈር ሕዝብ አሥራ አንድ ወር ለሚጠጋ ጊዜ በምክር ቤቱ ድምፅ አልነበረውም ማለት ነው። ሁለቱም ወገኖች ለየራሳቸው ምክንያት ይኖራቸው ይሆናል፤ ግን የትኛውም የዝግጅት ችግር አሥራ አንድ ወር ይወስዳል ብሎ ማመን ለእኔ ይከብደኛል። በፍሎሪዳም አልሲ ሄስቲንግስ ኤፕሪል 6 ቀን 2021 ካረፉ በኋላ ወንበራቸው የተሞላው ጃንዋሪ 11 ቀን 2022 ነበር።

«አንድ ወንበር ከ435 ውስጥ ምን ያጎድላል?» የሚል ካለ ሜይ 22 ቀን 2025ን ያስታውስ። በዚያ ዕለት የፕሬዚዳንት ትራምፕ ትልቁ የግብር እና የወጪ ሕግ ምክር ቤቱን ያለፈው በ215 ለ214 ድምፅ ነው። በዚያ ሰዓት በሞት የተጓደሉ ሦስት የዴሞክራት ወንበሮች ነበሩ፤ የተርነር፣ የአሪዞናው የራውል ግሪሃልቫና ገና ከአንድ ቀን በፊት ያረፉት የኮኖሊ። ድምፅ ያልሰጡ ሁለት ሬፐብሊካኖችም ስለነበሩ ሦስቱ ቢኖሩ ሕጉ ይወድቅ ነበር ብሎ መማል አይቻልም፤ የጎደለ ወንበር ከድምፅ ልዩነቱ ይበልጥ እንደነበር ግን ቁጥሩ ራሱ ይናገራል።

የፌዴራል ሕግ ቀነ ገደብ የሚያስቀምጥበት አንድ ሁኔታ አለ። ከሴፕቴምበር 2001ዱ የሽብር ጥቃት በኋላ፣ በ2005 በወጣ ሕግ መሠረት፣ በአንድ ጊዜ ከ100 በላይ ወንበሮች ቢጓደሉ ግዛቶች በ49 ቀናት ውስጥ ምርጫ ማድረግ አለባቸው። እስካሁን ሥራ ላይ አልዋለም፤ አያድርስም።

«ያሸነፈ ሰው በማግስቱ ሥራ ይጀምራል»

ሊሆን ይችላል፤ ላይሆንም ይችላል። የኮኖሊን ወንበር ሴፕቴምበር 9 ቀን 2025 ያሸነፉት ጄምስ ዎኪንሾ በማግስቱ ሴፕቴምበር 10 ቃለ መሐላ ፈጸሙ። ከሁለት ሳምንት በኋላ፣ ሴፕቴምበር 23፣ በአሪዞና የአባታቸውን ወንበር ያሸነፉት አደሊታ ግሪሃልቫ ግን እስከ ኖቬምበር 12 ድረስ 50 ቀን ጠበቁ። ቃለ መሐላ የሚያስፈጽመው አፈ ጉባኤው ነው። አፈ ጉባኤ ማይክ ጆንሰን ምክር ቤቱ በስብሰባ ላይ አይደለም፣ መንግሥትም በጀት ባለመጽደቁ ተዘግቷል የሚል ምክንያት ሰጡ። ዴሞክራቶች በበኩላቸው ትክክለኛው ምክንያት ሌላ ነው አሉ፤ በወሲብ ወንጀል የተከሰሰው የባለሀብቱ የጄፍሪ ኤፕስታይን ሰነዶች ይፋ እንዲሆኑ የሚጠይቀው የምክር ቤቱ አባላት ማመልከቻ፣ ጉዳዩን ለድምፅ ለማቅረብ ከሚያስፈልጉት 218 ፊርማዎች አንዱ ጎድሎት ነበር። ግሪሃልቫ ቃለ መሐላቸውን በፈጸሙበት ዕለት 218ኛውን ፊርማ አኖሩ። አገረ ገዥው የምርጫውን ቀን ቢቆርጥም፣ የመግቢያውን ቀን የሚቆርጥ ሌላ ሰው አለ።

«ሴኔትም እንዲሁ ነው»

አይደለም። በ1913 የጸደቀው 17ኛው ማሻሻያ፣ የግዛቱ ሕግ አውጪ ከፈቀደ አገረ ገዥው ጊዜያዊ ሴናተር እንዲሾም ይፈቅዳል፤ አብዛኞቹ ግዛቶችም ፈቅደዋል። ፈቃዱ ግን እንደ ፖለቲካው ነፋስ ይለዋወጣል። የማሳቹሴትስ ዴሞክራቶች በ2004 ከሬፐብሊካኑ አገረ ገዥ ሚት ሮምኒ የመሾም ሥልጣን ነጠቁ፤ በ2009 ሴናተር ቴድ ኬኔዲ ሲሞቱና አገረ ገዥው የራሳቸው ሰው ሲሆኑ መልሰው ሰጡ። ያም ሆኖ ጃንዋሪ 19 ቀን 2010 የተደረገውን ምርጫ ሬፐብሊካኑ ስኮት ብራውን አሸንፈው ዴሞክራቶች በሴኔት የነበራቸውን፣ የተቃዋሚን ክርክር ለመዝጋት የሚያስፈልገውን 60ኛ ድምፅ አሳጧቸው።

«አሸናፊው ሙሉ የሥራ ዘመን ያገኛል»

የሚያገኘው ከዘመኑ የተረፈውን ብቻ ነው። ራፋኤል ዋርኖክ ጃንዋሪ 5 ቀን 2021 በጆርጂያ አሸንፈው ሴኔት ቢገቡም፣ የስድስት ዓመት ዘመን ለማግኘት በ2022 እንደገና መወዳደር ነበረባቸው።

«ወንበሩ እስኪሞላ ጉዳዬን የሚከታተልልኝ የለም»

ይህን የምጠቅሰው የኢሚግሬሽን ማመልከቻው የዘገየበት፣ ከሶሻል ሴኩሪቲ መልስ ያጣ ወይም ፓስፖርቱ የተያዘበት ሰው ብዙ ጊዜ የሚያመለክተው ወደ ተወካዩ ቢሮ ስለሆነ ነው። ተወካዩ ሲሞት ወይም ሲለቅ ቢሮው አይዘጋም። ሠራተኞቹ በምክር ቤቱ ዋና ጸሐፊ ሥር ሆነው ይቀጥላሉ፤ ስልክ ያነሳሉ፣ የተጀመሩ ጉዳዮችን ይከታተላሉ። በር ላይ ያለው ስም ይነሳና የምርጫ ክልሉ ቁጥር ብቻ ይቀራል። ማድረግ የማይችሉት ነገር ድምፅ መስጠትና በሕግ ረቂቅ ላይ አቋም መያዝ ነው። ስለዚህ «ቆይ ምርጫው ይለፍ» ብሎ ፋይልን መሳቢያ ውስጥ ማቆየት ለባለጉዳዩ ጥቅም የለውም።

«በእንዲህ ያለ ምርጫ የኔ አንድ ድምፅ ምንም አያደርግም»

በማሟያ ምርጫ የሚወጣው ሰው ጥቂት ስለሚሆን ሒሳቡ ተቃራኒ ነው። በፍሎሪዳ ለሄስቲንግስ ወንበር ኖቬምበር 2 ቀን 2021 በተደረገው የዴሞክራቶች የመጀመሪያ ደረጃ ምርጫ፣ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ድምፅ ከሰጡ በኋላ ሺላ ቸርፊለስ ማኮርሚክ ያሸነፉት በ5 ድምፅ ብልጫ ነው። አምስት ሰው ማለት በአንድ መኪና የሚሄድ ቤተሰብ ነው።

ዜግነት ያለውና አስቀድሞ የተመዘገበ መራጭ ለዚህ ምርጫ ተብሎ እንደገና መመዝገብ አያስፈልገውም። በወረቀቱ ላይ የሚያገኘው አንዳንድ ጊዜ አንድ ጥያቄ ብቻ ነው። የፌዴራሉ ሕግ የድምፅ መስጫ ወረቀት እንዲተረጎምላቸው የሚያስገድድላቸው ቋንቋዎች የስፓኒሽ፣ የእስያና የአሜሪካ ነባር ሕዝቦች ቋንቋዎች ስለሆኑ አማርኛ በዚያ ውስጥ የለም። ሆኖም በዚያው ሕግ ማንበብና መጻፍ ባለመቻሉ ወይም በማየት ችግርና በአካል ጉዳት ምክንያት እርዳታ የሚያስፈልገው መራጭ፣ የመረጠውን ሰው ይዞ ወደ ድምፅ መስጫው መግባት ይችላል፤ ልጁ፣ ጎረቤቱ ወይም የዕድሩ ሰው ሊሆን ይችላል። የማይፈቀደው አሠሪው፣ የአሠሪው ወኪል ወይም የሠራተኛ ማኅበሩ ኃላፊ ወይም ወኪል ሲሆን ነው። እናቱን ይዞ የሚሄድ ልጅ በሩ ላይ «ለምን ሁለት ሆናችሁ ገባችሁ?» ቢባል የሚመልሰው ይህንኑ ነው።