የመከላከያ ማስፈቀጃ ምንድን ነው?

ፒያሳ ላይ የኤሌክትሪክ ዕቃ የሚያከፋፍል ነጋዴ ለአንድ ባለሱቅ የ800 ሺህ ብር ዕቃ በዱቤ ሰጥቶ ቼክ ተቀበለ እንበል። ቀኑ ደርሶ ባንክ ሲሄድ «በቂ ስንቅ የለውም» ተባለ፤ በሒሳቡ ውስጥ ለቼኩ የሚበቃ ገንዘብ የለም ማለት ነው። ነጋዴው ልደታ በሚገኘው የፌዴራል መጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ክሱን በአጭር ሥነ ሥርዓት፣ ማለትም ያለ ሙሉ ክርክር ፍርድ ሊሰጥበት በሚችል አካሄድ አቀረበ። መጥሪያው የደረሰው ባለሱቅ እንደ ሌላው የፍትሐ ብሔር ክስ መልሱን ጽፎ መቅረብ አይችልም። አስቀድሞ እንዲከራከር ፈቃድ መጠየቅ አለበት፤ ጥያቄው የመከላከያ ማስፈቀጃ ይባላል።

መሠረቱ በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ሲሆን ድንጋጌዎቹ ከአንቀጽ 284 እስከ 292 ይገኛሉ። መንገዱ የተከፈተው መጠኑ ተለይቶ ለታወቀ ገንዘብ ነው፤ ለምሳሌ ቼክ፣ የተስፋ ሰነድ (እከፍላለሁ ተብሎ የተፈረመበት ወረቀት) ወይም የብድር ውል ሲኖር። ልኩ ገና በማስረጃ የሚጣራ የጉዳት ካሣ በዚህ አይስተናገድም። ከሳሹም ገንዘቡ በእርግጥ እንደሚፈለግ፣ ተከሳሹም መከላከያ እንደሌለው እንደሚያምን በቃለ መሐላ ያረጋግጣል።

ተከሳሹ በበኩሉ ማመልከቻውን በቃለ መሐላ አስደግፎ፣ መከላከያው ሙሉውን ክስ ወይስ ከፊሉን እንደሚመለከት ይገልጻል። ዳኛው እዚህ ላይ ማን እንደሚረታ አይወስንም። የሚመዝነው የተባለው ነገር ቢረጋገጥ ክሱን የሚያፈርስ ወይም የሚቀንስ መሆኑን ነው። ስለዚህ «በቂ መከላከያ አለኝ» ብሎ መጻፍ ባዶ ወረቀት ከመስጠት አይሻልም። «በዚህ ቀን በባንክ ይህን ያህል ከፍያለሁ» ብሎ ደረሰኙን ማያያዝ ግን ክርክር ነው። የዕቃው ሩብ አልደረሰኝም የሚል ባለሱቅ ለሩቡ ብቻ ሊፈቀድለት፣ ለቀረው ወዲያው ሊፈረድበት ይችላል።

ከተከሳሾች አፍ የማይጠፋው «ቼኩን ለዋስትና ነው የሰጠሁት» የሚለው ነው። ስምምነቱን የሚያሳይ ጽሑፍ ከሌለ ደካማ ይመስለኛል። ቼኩ ወደ ሦስተኛ ሰው ከተላለፈ ደግሞ ይበልጥ ይከብዳል፤ ያ ሰው ተከሳሹን ለመጉዳት አውቆ ካልተቀበለው በቀር በሁለቱ ነጋዴዎች መካከል የነበረው ነገር አይመለከተውም።

ፈቃዱ ያለ ቅድመ ሁኔታ ሊሰጥ ይችላል፤ ዋስትና አስይዝ ተብሎም ሊሰጥ ይችላል። ይህ ሁለተኛው እጁ ላጠረ ነጋዴ ቀላል ሸክም አይደለም። ካልተፈቀደ፣ ወይም ተከሳሹ በተሰጠው ጊዜ ካልጠየቀ፣ ከሳሹ ያለ ክርክር ፍርድ ያገኛል። ብዙ ሰው የሚሰናከለውም እዚህ ነው፤ ሽማግሌዎች ጉዳዩን ይዘውታል ብሎ መጥሪያውን መሳቢያ ውስጥ ያኖረዋል፣ ቀኑ ግን ሽማግሌ አይጠብቅም። ከፍርድ በኋላ በአንቀጽ 292 መሠረት ፍርዱን ማስነሣት የሚቻለው መጥሪያው በአግባቡ እንዳልደረሰ ወይም ሌላ በቂ ምክንያት እንዳለ ፍርድ ቤቱ ሲያምን ነው።