የጥቅም ግጭት ምንድን ነው? ስለራስ ዊኪፔዲያ ላይ መጻፍ ለምን አይመከርም?

ዊኪፔዲያን ማንም ሰው ኤዲት ማድረግ ይችላል። ታዲያ ስለምሠራበት ድርጅት ከእኔ በላይ ማን ያውቃል? ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው።

የጥቅም ግጭት የሚባለው ስለራሳችን፣ ስለቤተሰባችን፣ ስለጓደኛችን፣ ስለአሠሪያችን ወይም ስለሚከፍለን ደንበኛ ስንጽፍ የሚፈጠረው ነገር ነው። ውሸታም ናችሁ ማለት አይደለም። ዳኛ የወንድሙን ክስ የማያየው ጉቦ ስለሚበላ አይደለም፤ ወንድሙ ስለሆነ ነው።

ነገሩ የሚጀምረው በትንንሽ ቃላት ነው። ገጹ «ድርጅቱ ጫማ ያመርታል» ይላል እንበል። አንዲት ሠራተኛ ገብታ «በጥራቱ የታወቀ ጫማ ያመርታል» ታደርገዋለች። ከልቧ ታምንበታለች። ወረድ ስትል ስለ አንድ የፍርድ ቤት ክስ የተጻፈች መስመር ታገኛለች። «ይሄ እኮ ድሮ ያለቀ ነው» ትልና ታጠፋታለች። በቃ፣ ገጹ ማስታወቂያ ሆነ። አንባቢው ግን ይህን በምን ያውቃል? እኔን የሚያንገበግበኝ እሱ ነው፤ ሰው ኢንሳይክሎፔዲያ የሚከፍተው ሻጩ የማይነግረውን ለማወቅ ነውና።

ከዊኪፔዲያ መሥራቾች አንዱ የሆነው ጂሚ ዌልስ እንኳ እ.ኤ.አ. በ2005 ስለራሱ የተጻፈውን ገጽ አርሞ ተወቅሷል። ባላደረግኩት ኖሮ ብሎ መጸጸቱንም ተናግሯል። በ2015 ደግሞ የእንግሊዝኛው ዊኪፔዲያ በድብቅ እየተከፈላቸው ይጽፉ የነበሩ 381 አካውንቶችን አገደ። ከጀርባ የነበሩት ሰዎች አነስተኛ ነጋዴዎችን ገንዘብ ይጠይቁ ነበር፤ ገጻችሁን እናወጣላችኋለን፣ እንጠብቅላችኋለን እያሉ።

ታዲያ ስህተት ያየ ሰው ዝም ይበል? በፍጹም። ገጹን ሳትነኩ «ውይይት» የሚለውን ክፈቱ። «እዚህ ድርጅት ነው የምሠራው። የተመሠረተበት ዓመት ተሳስቷል። ማስረጃው ይኸው» ብላችሁ ጻፉ። ማስረጃው ድርጅቱ ራሱ ያሳተመው ባይሆን ይመረጣል። ሌላ ሰው አይቶ ይወስናል። ሊዘገይ ይችላል፣ ታገሡ።

ለመጻፍ የሚከፈላችሁ ከሆነ ግን መናገር ውዴታ አይደለም። ከ2014 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ ማን እንደሚከፍላችሁና ለማን እንደምትጽፉ ማሳወቅ በአጠቃቀም ውሉ ውስጥ የገባ ግዴታ ነው።

ስለእናንተ በተጻፈው ገጽ ላይ ስድብ ወይም ዓይን ያወጣ ስም ማጥፋት ካገኛችሁስ? እሱን ራሳችሁ ማንሳት ትችላላችሁ። ማን እንደሆናችሁና ለምን እንዳነሳችሁት ግን «ውይይት» ላይ ጻፉ።