«ሊጋላይዝድ»፦ ከአራት ዓመት በኋላ ዓለም የጨፈረበት የፑንጃቢ አልበም

«ሊጋላይዝድ» ፑንጃቢ ኤምሲ በሚለው የመድረክ ስሙ የሚታወቀው ራጂንደር ሲንግ ራይ እ.ኤ.አ. በ1998 ያወጣው የባንግራ አልበም ነው። ራይ በ1973 የተወለደው የመኪና ፋብሪካዎች በበዙባት የእንግሊዝ ከተማ በኮቨንትሪ ሲሆን፣ አልበሙም የተሠራው ህንድና ፓኪስታን በሚጋሩት በፑንጃብ ምድር ሳይሆን፣ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ሥራ ፍለጋ ወደ እንግሊዝ ከተሰደዱት ፑንጃባውያን በተወለደው ትውልድ መካከል ነው።

ባንግራ ከመነሻው የፑንጃብ ገበሬዎች በአጨዳ ወራት፣ በተለይም በቫይሳኪ በዓል የሚጨፍሩት ጭፈራ ነው። ዋናው መሣሪያ ዶል የሚባለው ትልቅ ከበሮ ሲሆን፣ መቺው በአንገቱ አንጠልጥሎ አንዱን ፊት በወፍራምና ቆልመም ባለ ዱላ፣ ሌላውን ደግሞ በቀጭን ልምጭ ይመታዋል። ስደተኞቹ ይህን ጭፈራ በየሠርጋቸው ይዘው ቆዩ፤ ከ1970ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ ባንዶቻቸው ኪቦርድና ጊታር ጨመሩበት፤ ልጆቻቸው ደግሞ ሂፕ ሆፕን አመጡለት።

አልበሙን ከሌሎች የለየው «ሙንዲያን ቶ ባች ኬ» የተባለው ዘፈን ነው፤ ትርጉሙም «ከጎረምሶቹ ተጠንቀቂ» እንደማለት ሲሆን፣ ገና ለአቅመ ሔዋን የደረሰችን ልጅ ይመክራል። ዘፈኑን የሚከፍተው የቱምቢ ድምፅ ነው። ቱምቢ ከቅል የሚሠራ ትንሽ መሣሪያ ሲሆን እንደ ማሲንቆ ባለ አንድ ክር ነው፤ ነገር ግን በደጋን አይገረፍም፤ በሌባ ጣት ቶሎ ቶሎ ይነካካል እንጂ። ከሥሩ የሚሄደው ወፍራም ዜማ «ናይት ራይደር» ከተባለው፣ መኪና እንደ ሰው ከሚናገርበት የአሜሪካ የቴሌቪዥን ተከታታይ ፊልም መክፈቻ ሙዚቃ የተወሰደ ነው። በሁለቱ ላይ ላብ ጃንጁዋ የተባለው ህንዳዊ ዘፋኝ ድምፅ ይመጣል፤ የገጠር አዘፋፈን ያልተለየው፣ ጉሮሮን ሞልቶ የሚወጣ ድምፅ ነው። ራይ ይህን ድምፅ ሳያለሳልስና ሳይቆራርጥ እንዳለ መተዉ የአልበሙ ትልቁ ማስተዋል ነው ማለት ይቻላል።

አልበሙ ሲወጣ በፑንጃባውያን ዘንድ ተወደደ፤ ከዚያ ወሰን ግን አላለፈም። ለዚህ ጥራቱን ተጠያቂ ማድረግ ትክክል አይሆንም። በዚያ ዘመን በእንግሊዝ የባንግራ ካሴትና ሲዲ በብዛት የሚሸጠው በሰፈር ሸቀጣ ሸቀጥና በጨርቅ መደብሮች ውስጥ ነበር፤ የሳምንቱን የዘፈኖች ደረጃ የሚያወጡት ክፍሎች ደግሞ እነዚህን ሱቆች አይቆጥሩም ነበር። ስለዚህ አንድ የፑንጃቢ አልበም በሺህ የሚቆጠር ቅጂ ቢሸጥም በደረጃው ሠንጠረዥ ላይ እንዳልነበረ ይቀራል፤ ሠንጠረዡን ተከትለው ዘፈን የሚመርጡት ሬዲዮ ጣቢያዎችም አይሰሙትም።

በሩ የተከፈተው ከእንግሊዝ ውጭ ነው። ዘፈኑ በ2002 በጀርመን ለብቻው ተለቆ ሁለተኛ ደረጃ ደረሰ፤ በጣሊያን አንደኛ ሆነ፤ በጥር 2003 ወደ ትውልድ አገሩ ተመልሶ በእንግሊዝ ሠንጠረዥ አምስተኛ ላይ ተቀመጠ። ይህ ሁሉ ሲሆን አንድም የእንግሊዝኛ ስንኝ አልተጨመረበትም፤ አብዛኛው አድማጭ ቃሉ ሳይገባው ጨፍሮበታል። በዚያው ዓመት አሜሪካዊው ራፐር ጄይ ዚ የራሱን ስንኞች ጨምሮ እንደገና ሲያወጣው የኢራቅን ጦርነት የሚቃወም ሐረግ አስገባበት፤ የጃንጁዋን ድምፅና ቱምቢውን ግን በቦታቸው ተዋቸው፤ ይህም የሚያስመሰግነው ነው። በ2003 መጨረሻ ራይ በኤዲንብራ በተካሄደው የኤምቲቪ አውሮፓ ሽልማት በዳንስ ሙዚቃ ዘርፍ አሸናፊ ሆነ።

ከስሙ ይልቅ ድምፁ ቀድሞ ዓለምን የዞረው ጃንጁዋ ከዚያ በኋላ በህንድ ፊልሞች ውስጥ የሚፈለግ ዘፋኝ ሆነ፤ «ኩዊን» ለተባለው የ2014 ፊልም «ለንደን ቱማክዳ»ን ከዘፈኑት አንዱም እሱ ነው። በ2015 በሙምባይ ሲያርፍም የሕንድ ጋዜጦች በቅድሚያ ያነሱለት «ሙንዲያን ቶ ባች ኬ»ንና «ለንደን ቱማክዳ»ን ነበር።